«ልጅቷን ተያትና አክስቷን ዋና አድርጊ» ለተባለችው መምህርት

ጥያቄ፦

«ዕድሜዬ 31 ነው። አዳማ ውስጥ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አስተምራለሁ። ከሥራ መልስ እጽፋለሁ። አሁን አንድ የፊልም ስክሪፕት ጨርሻለሁ። ታሪኩ ከአያቷ ጋር ኮንዶሚኒየም ስለገባች የ9 ዓመት ልጅ ነው። የድሮ ሰፈራቸው ፈርሶ ጎረቤቱ ሁሉ ተበትኗል። አያትየው ቡና የሚያጣጣቸው ሰው አጥተው ዝም ብለዋል። ልጅቷ የአያቷን ቡና አጣጮች አንድ በአንድ ፈልጋ ለማምጣት ትነሳለች። መልእክቱ የጉርብትና ባህላችን እንዳይጠፋ ነው። ለአንድ ፕሮዲዩሰር አሳየሁት፤ ወደደው። ሊገዛኝም ይፈልጋል። ግን ‹የልጅ ፊልም አይሸጥም፤ አክስቷን ዋና አድርጊያትና ፍቅር ጨምሪበት› አለኝ። ዳይሬክት የሚያደርገውም የራሱ ሰው ነው። የእኔ ህልም ደግሞ ቤተሰብ አብሮ ቁጭ ብሎ የሚያየው ፊልም ጽፌ ራሴ ዳይሬክት ማድረግ ነው። ልሽጠው ወይስ ልያዘው? ሥራዬንስ ልልቀቅ? እናቴ ‹የወር ደሞዝ ትተሽ ፊልም?› እያለች ነው።»

መ. ከአዳማ

መልስ፦

ውድ መ.፣

አጭሩ መልስ ይኼው። ስክሪፕቱን ሽጪ፤ ልጅቷን ግን አትስጪ። ሥራሽንም አትልቀቂ። ለምን እንዲህ እንደምል ላስረዳሽ፤ ትንሽ ይረዝማል።

አንቺ የምትመኚውን ሙያ ዕድሜውን ሙሉ የሠራበት አንድ ሰው አለ። ክሪስ ኮለምበስ ይባላል። ስሙን ባታውቂው እንኳ ሥራውን አይተሻል። ቤተሰቦቹ ረስተውት ለገና ጉዞ ሲሄዱ ቤት ብቻውን ቀርቶ ሌቦችን የሚያሠቃየውን ልጅ ታስታውሻለሽ አይደል? የ«ሆም አሎን» ዳይሬክተር እሱ ነው። የመጀመሪያዎቹን ሁለት የ«ሃሪ ፖተር» ፊልሞችም ዳይሬክት ያደረገው እሱ ነው። ለአንቺ የሚጠቅምሽ ግን ከዚያ በፊት የሄደበት መንገድ ነው።

ኮለምበስ እ.ኤ.አ. በ1958 ፔንስልቬንያ ተወልዶ ኦሃዮ ያደገ የሠራተኛ ልጅ ነው። አባቱ በከሰል ማዕድንና በአሉሚኒየም ፋብሪካ ሠርተዋል፤ እናቱም የፋብሪካ ሠራተኛ ነበሩ። እሱ ራሱ ኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ ፊልም እየተማረ ገንዘብ ሲያጥረው ፋብሪካ ገብቷል። እዚያም በሥራ ሰዓት ተደብቆ ይጽፍ ነበር። (አንቺም ተደብቀሽ ጻፊ ማለቴ አይደለም። ርዕሰ መምህሩ ይህን ዓምድ ሊያነቡት ይችላሉ።)

ከዚያ ወዲያው ዳይሬክተር አልሆነም። መጀመሪያ ጸሐፊ ነው የሆነው። ማንሃተን በሚኖርበት ቤት ሌሊት ሌሊት አይጦች ሲሯሯጡ ይሰማ ነበር። ከዚያ ኮሽታ ተነስቶ ትንንሽ ፍጥረቶች ወደ ክፉ አውሬ ስለሚለወጡበት ታሪክ «ግሬምሊንስ»ን ጻፈ። ማንም አላዘዘውም። ስክሪፕቱ ዝነኛው ዳይሬክተርና ፕሮዲዩሰር ስቲቨን ስፒልበርግ እጅ ገባና ፊልሙ በ1984 ወጣ። ዳይሬክተሩ ግን ጆ ዳንቴ ነበር። በማግስቱ ዓመት «ዘ ጉኒስ»ን ጻፈ፤ ሪቻርድ ዶነር ዳይሬክት አደረገው። በዚያው ዓመት «ያንግ ሼርሎክ ሆምስ»ን ጻፈ፤ እሱንም ባሪ ሌቪንሰን ወሰደው። ኮለምበስ ራሱ ካሜራ ጀርባ የቆመው በ1987 ነው። የሚገርመው፣ ያን ፊልም ደግሞ የጻፈው ሌላ ሰው ነበር።

ይህን ሁሉ የምነግርሽ አንድ ነገር እንድታይ ነው። ጽፎ ዳይሬክት የሚያደርግ ሰው ሁለቱንም ሥራ በአንድ ፊልም ላይ የግድ መሥራት የለበትም። በተለይ በመጀመሪያው። አንድ ስክሪፕት ብቻ ያለው ሰው ያንን ስክሪፕት እንደ ዓይን ብሌኑ ይጠብቃል፤ ይገባኛል። ግን ሙያ ብለሽ ከገባሽበት ሌላ ትጽፊያለሽ። የመጀመሪያው በሌላ ሰው እጅ ተሠርቶ ስምሽ ስክሪን ላይ መውጣቱ፣ መሳቢያ ውስጥ ተቀምጦ ዳይሬክተር እስክትሆኚ ከሚጠብቅሽ ይሻላል።

«ግን ያበላሹታል» ትይኝ ይሆናል። ሊያበላሹትም ሊያሻሽሉትም ይችላሉ። የ«ግሬምሊንስ» የመጀመሪያ ረቂቅ ለልጅ የሚታይ አልነበረም። የዋናው ልጅ እናት ተገድላ ጭንቅላቷ በደረጃ ላይ ይንከባለል ነበር። ውሻውም ይበላል። ጊዝሞ የሚባለው ሁሉም የሚወደው ትንሽ ፍጥረት ራሱ ወደ ክፉነት ይለወጥ ነበር። ስፒልበርግ ጊዝሞ እስከ መጨረሻው ደግ ሆኖ ከልጁ ጋር ይቆይ አለ። በዚህ ምክንያት ተመልካቹ የሚሳሳለት ነገር አገኘ። ጸሐፊው እዚህ ላይ ግትር ቢል ኖሮ ፊልሙም እሱም የት እንደሚደርሱ እንጃ።

ስለዚህ ለውጥ በመጣ ቁጥር አትቆጪ። አንድ ጥያቄ ብቻ ጠይቂ፦ ይኼ ለውጥ ልጅቷን ያጠናክራታል ወይስ ታሪኩን ከእጇ ይነጥቃታል? የፕሮዲዩሰርሽ ሐሳብ የሚነጥቃት ነው። አክስቲቱ ዋና ከሆነች የ9 ዓመቷ ልጅ ቡና የምታቀርብ አጃቢ ትሆናለች። አያትየውም ግድግዳ ላይ እንዳለ ፎቶ ይቀራሉ። የሚቀረው እስካሁን ብዙ ጊዜ ያየነው የፍቅር ፊልም ነው።

ሰውየው ግን ጅል አይደለም። ሲኒማ ቤት ትኬት የሚገዛው በአብዛኛው ወጣት እንደሆነ ያውቃል። እሱ ወጪውን ማስላት አለበት። ስለዚህ በእሱ ቋንቋ አናግሪው። ጥንዶች ሁለት ትኬት ይገዛሉ፤ ቤተሰብ ከመጣ አራትና አምስት ነው። ቅዳሜና እሁድ ቀን ላይ ልጅ ይዞ የሚገባበት ፊልም ያጣ ወላጅ ሞልቷል። «ሆም አሎን»ንም ዋርነር ብራዘርስ የተባለው የፊልም ኩባንያ በጀቱ በዛ ብሎ ጥሎታል። ሌላው ኩባንያ ፎክስ አነሳው። 18 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ወጥቶበት ከ470 ሚሊዮን በላይ አስገባ፤ ዋናው ተዋናይ የ10 ዓመት ገደማ ልጅ ነበር። በርግጥ ሆሊውድ ሆሊውድ ነው፤ ፕሮዲዩሰርሽም ይህንኑ ይልሻል። ያኔ ዳይሬክተር ያሬድ ዘለቀን ጥሪለት። እ.ኤ.አ. በ2015 በፈረንሳዩ ካን የፊልም ፌስቲቫል በይፋ የተመረጠው የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም የእሱ «ላምብ» ነው። የታሪኩ ዋና ሰው አንድ ልጅና አንድ በግ ናቸው። ያሬድም እንደ ኮለምበስ ኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ ነው የተማረው፤ ይኼ እንኳ ለወሬ ያህል ነው።

የማስታረቂያ ሐሳብም ልስጥሽ። አክስቲቱ ትኑር። ፍቅርም ይኑራት። ግን እኛ የምናየው ልጅቷ በምታየው መጠን ብቻ ይሁን። በበር ቀዳዳ፣ በደረጃው መወጣጫ፣ ስልክ ላይ በሹክሹክታ። ልጅቷ ግማሹን ሰምታ ግማሹን በራሷ ትተረጉመው። ፕሮዲዩሰሩ ፍቅሩን ያገኛል፤ አንቺም ሳቅ ታገኚበታለሽ። ይኼን ከተቀበለ ሽጪለት። «በቃ፣ ልጅ ዋና አትሆንም» ካለ ግን አመስግነሽ ስክሪፕትሽን ይዘሽ ውጪ። ሌላ ፕሮዲዩሰር አለ።

አሁን ወደ አንድ ያሳሰበኝ ነገር ልምጣ። «መልእክቱ የጉርብትና ባህላችን እንዳይጠፋ ነው» ብለሻል። ስክሪፕትሽን አላነበብኩትም። ግን የሆነ ቦታ ላይ አንድ ሽማግሌ ተነስተው ስለ ጉርብትና ረዥም ንግግር ያደርጋሉ ብዬ ፈራሁ። ካለ አውጪው። የእኛ ሰው ለልጅ ሲጽፍ ምክር ካልጨመረበት ያጎደለ ይመስለዋል። ልጆቹም በፊልም ላይ እንደ እድር ዳኛ ይናገራሉ። አንቺ ቀኑን ሙሉ ከልጅ ጋር ነሽ፤ የ9 ዓመት ልጅ «እማማ፣ አብሮ መኖር ከጠፋ ምን ይውጠናል» ብሎ ሲናገር ሰምተሽ ታውቂያለሽ?

የ«ሆም አሎን»ን ጎረቤት አስቢው። ልጁ የሚፈራው፣ ሰው ገዳይ ነው የሚባልለት ሽማግሌ አለ። ስክሪፕቱን የጻፈው ጆን ሂዩዝ ነው። ይህን ሽማግሌ የጨመርኩት እኔ ነኝ ይላል ኮለምበስ። ሁለቱ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ጎን ለጎን ይቀመጣሉ። ሽማግሌው ከልጃቸው ጋር ተጣልተው እንደማይነጋገሩ ይናገራሉ። ትንሹ ጎረቤታቸው ደግሞ ለምን አይደውሉለትም ይላቸዋል። ስለ ጉርብትና አንድ ቃል አልተነገረም። ግን ፊልሙ ካለቀ በኋላ ሰው የሚያስታውሰው ያንን ጎረቤት ነው።

ሌላም አለ፤ ይኼኛው እንዲያውም ለእኛ አቅም ይቀርባል። ኢራናዊው ማጂድ ማጂዲ በ1997 ጽፎ ዳይሬክት ያደረገውን «ችልድረን ኦቭ ሄቨን» ፈልገሽ እዪ። አንድ ልጅ የእህቱን ጫማ አሰፍቶ ሲመለስ ይጠፋበታል። ወላጆቻቸው ሌላ መግዛት እንደማይችሉ ሁለቱም ያውቃሉ። ስለዚህ ለማንም ሳይናገሩ በእሱ ጫማ በፈረቃ ትምህርት ቤት ይሄዳሉ፤ እሷ ጠዋት፣ እሱ ከሰዓት። ከዚያ የሩጫ ውድድር ይመጣል። የሦስተኛው ሽልማት ጫማ ነው። ልጁ ማሸነፍ አይፈልግም። ሦስተኛ መውጣት ነው የሚፈልገው! አንድ ልጅ አንድ ነገር በጣም ሲፈልግ ሰው ትንፋሹን ይዞ ይከተለዋል። ስለ ድህነት ማንም ንግግር አላደረገም። ያለው የቴህራን ሰፈር፣ ቦይ፣ ግድግዳና የሚሮጡ ልጆች ናቸው። ከዚያም በ1999 ለኦስካር ከታጩት የውጭ ቋንቋ ፊልሞች አንዱ ሆነ፤ ለኢራን የመጀመሪያው ነበር።

ማጂዲ ብቻውን አልበቀለም። ገንዘቡ የመጣው ካኑን ከሚባለው፣ ለልጆችና ለወጣቶች አእምሮ ማበልጸጊያ ከተቋቋመ ድርጅት ነው። ታዋቂው የኢራን ዳይሬክተር አባስ ኪያሮስታሚም በ1970 የመጀመሪያ አጭር ፊልሙን የሠራው እዚያው ነበር። እኛ ጋ እንዲህ ያለ ነገር ቢኖር ብዬ እመኛለሁ፤ ለጊዜው ግን ምኞት ነው።

የአንቺ ልጅ ምን ትፈልጋለች? የአያቷን ቡና አጣጮች ማምጣት። ጥሩ ነው። ግን የመጀመሪያዋን ሴትዮ ፍለጋ ሰኞ ጠዋት ስትወጣ የታክሲ ሳንቲም ከየት ታገኛለች? የሴትዮዋን አዲስ ሰፈር በምን ታውቃለች? ብትገኝ እንኳ አልመጣም የምትል አለች? ከአያትየው ጋር ተኳርፋ የሄደች ብትኖርስ? መልእክትሽ የሚኖረው እዚህ ውስጥ ነው።

ሥራሽን አትልቀቂ ያልኩሽም ከዚሁ ጋር ይያያዛል። ደሞዙን ብቻ አስቤ አይደለም፤ እሱም ቀላል አይደለም። ክፍልሽ ውስጥ ሌላ ጸሐፊ ገንዘብ ከፍሎ የማያገኘው ነገር አለሽ። ልጅ ሲዋሽ ዓይኑ የት እንደሚሄድ፣ ሲጣላ ምን እንደሚል፣ መምህሩ ፊቱን ሲያዞር ምን እንደሚያደርግ በየቀኑ ታያለሽ። ብሩክታዊት ጥጋቡም የአንደኛ ደረጃ መምህርት ነበረች። ከባለቤቷ ጋር ሆና በአሻንጉሊት «ጸሐይ መማር ትወዳለች»ን ጀመረች። እ.ኤ.አ. በ2006 በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን መታየት ጀመረ፤ በ2008 «የጃፓን ሽልማት» የሚባለውን ዓለም አቀፍ የትምህርታዊ ዝግጅቶች ሽልማት አገኘ። ጸሐይ ቀጭኔ ናት፤ ግን እንደ ልጅ ትጠይቃለች፣ እንደ ልጅ ትሳሳታለች። ያ የሚመጣው ከክፍል ውስጥ ነው።

ዳይሬክት ማድረጉን ደግሞ ከአሁኑ ተለማመጂ። ከስክሪፕትሽ አንድ ቁራጭ ውሰጂ፤ ለምሳሌ ልጅቷ የመጀመሪያዋን በር የምታንኳኳበትን። አጭር ፊልም አድርጊው። በክረምት ዕረፍት ጊዜ አለሽ፤ ዝናቡ ግን ውጭ አያስቀርጽም። የአንቺ ታሪክ ደግሞ አብዛኛው ኮሪደርና ደረጃ ላይ ስለሆነ ዕድለኛ ነሽ። ከቤት ውጭ ያለውን ለሴሚስተር ዕረፍት አቆዪው፤ ያኔ ፀሐይ አለ። በስልክም ቢሆን ቅረጪ። ድምፁን ግን ተጠንቀቂ፤ ኮንዶሚኒየም ኮሪደር ላይ ድምፅ ያስተጋባል። ምስሉ ቢደበዝዝ ሰው ይቅር ይላል፤ የማይሰማ ንግግርን ግን ማንም አይታገሥም።

ልጆችን መቅረጽ የራሱ ሙያ ነው። ኮለምበስ የመጀመሪያው «ሃሪ ፖተር» ላይ ልጆቹ መጀመሪያ አካባቢ ካሜራ እያዩ ፈገግ ይሉ እንደነበር ይናገራል። አንድ ዓረፍተ ነገር ብለው ያቆማሉ። ስለዚህ ብዙ ካሜራ አቁሞ አጫጭር ቁርጥራጭ ይቀርጽና በኤዲቲንግ ይገጣጥመው ነበር። እየለመዱ ሲመጡ ረዣዥም ትዕይንት መውሰድ ቻለ። «ሆም አሎን» ላይ ደግሞ ልጁ ከምሽቱ 4 ሰዓት በኋላ መሥራት አይፈቀድለትም ነበር፤ ታሪኩ ግን በሌሊት የሞላ ነው። አደገኛውን ነገር የሚሠራለት ቁመቱ አጭር የሆነ አዋቂ ሰው ነበር። ይህ ሁሉ መርሐ ግብር ላይ፣ በጀት ላይ ይገባል። ፕሮዲዩሰርሽ «ልጅ አይሸጥም» ሲል ግማሹ ይህንን ፈርቶ ይሆናል።

የእኛንም ሕግ ችላ አትበዪ። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ከ15 ዓመት በታች የሆነ ልጅ መቅጠር የተከለከለ ነው። ያንቺ ዋና ተዋናይ 9 ዓመቷ ነው። ስለዚህ ካስቲንግ (የተዋናይ መረጣ) ከመጀመሩ በፊት ፕሮዲዩሰሩ ከሕግ ባለሙያ ጋር ይነጋገር። የወላጅ ስምምነት በጽሑፍ ይሁን። ልጅቷ ከትምህርቷ እንዳትቀር፣ ሌሊት እንዳትቀረጽ አንቺ ተከራከሪላት። መምህርት ነሽ፤ ማንም «አያገባሽም» ሊልሽ አይችልም።

ስለ መውደቅ ጥቂት ልበልሽ። ኮለምበስ ጽፎ ራሱ ዳይሬክት ያደረገው «ሃርትብሬክ ሆቴል» በ1988 ወጥቶ ገበያ አጣ። ከዚያ ሌላ የገና ፊልም ተሰጠው፤ ከዋናው ተዋናይ ጋር መግባባት አቅቶት ጥሎ ወጣ። የ«ሆም አሎን»ን ስክሪፕት ሂዩዝ የሰጠው ከዚያ በኋላ ነው። በ1993 «ሚሲስ ዳውትፋየር»ን ሠራ፤ የተፋቱት ወላጆች መጨረሻ ላይ ይታረቁ የሚለውን ሐሳብ እሱና ዋናው ተዋናይ ሮቢን ዊሊያምስ አልተቀበሉም። እኔ ከፊልሞቹ ሁሉ ለዚያ ውሳኔ ነው የማከብረው። አዳራሹ ውስጥ ወላጆቹ የተለያዩበት ልጅ አለ፤ ውሸት አልነገሩትም። የአንቺም የፈረሰ ሰፈር ተመልሶ አይሠራም። መጨረሻ ላይ ቡና አጣጮቹ ሁሉ ተሰብስበው ካላለቀ ብለሽ አትጨነቂ። ሁለቱ ቢመጡ ይበቃል።

ለእናትሽ ደግሞ ይህን ንገሪልኝ። ኮለምበስ ሁለት «ሃሪ ፖተር» ሠርቶ ሦስተኛውን ለሌላ ዳይሬክተር፣ ለአልፎንሶ ኳሮን ለቀቀ፤ እሱ በፕሮዲዩሰርነት ቀረ። ምክንያቱ ድካምና የራሱን ልጆች በቅጡ አለማየቱ ነበር። ሥራው ያደክማል፣ እናትሽ ቢሰጉ እውነት አላቸው። ግን ልጃቸው ደሞዟን ይዛ ነው የምትጽፈው፤ እሱን ሲሰሙ ቀለል ይላቸዋል።

የቀረው ውሉ ነው። በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት ስክሪፕትሽ ወረቀት ላይ ከሰፈረ ጊዜ ጀምሮ ጥበቃ አለው፤ ባታስመዘግቢውም። ቢሆንም አእምሯዊ ንብረት ባለሥልጣን ሄደሽ አስመዝግቢው፤ ክርክር ቢነሳ ማስረጃ ይሆንሻል። ውሉ ላይ እነዚህ በግልጽ ይጻፉ፦ ስምሽ በጸሐፊነት ስክሪኑም ፖስተሩም ላይ እንዲወጣ፤ ክፍያው መቼ መቼ እንደሚሰጥሽ፤ ዋናዋ ገጸ ባሕርይ የ9 ዓመቷ ልጅ እንደሆነች፤ በሁለት ዓመት ውስጥ ቀረጻ ካልተጀመረ መብቱ ወደ አንቺ እንደሚመለስ። የመጨረሻው ደግሞ ቀረጻው ላይ እንድትገኚ ነው፤ በስክሪፕት ሱፐርቫይዘርነትም (የሚቀረጹት ትዕይንቶች እርስ በርስ እንዳይጋጩ በመከታተል) ቢሆን፣ ከልጆቹ ጋር ንግግራቸውን በማለማመድም ቢሆን። ብሩን ትንሽ ዝቅ አድርገሽም ቢሆን ይህችን አስገቢ። ዳይሬክተሩ በዝናብ፣ በመብራት መጥፋትና በሚያለቅስ ልጅ መሃል ምን እንደሚወስን አጠገቡ ቆመሽ ታያለሽ። ከመፈረምሽ በፊት ግን ወረቀቱን ለጠበቃ አሳዪ፤ ፕሮዲዩሰሩ «ቤተሰብ ነን፣ ምን ያስፈልጋል» ካለሽ በተለይ።